አይቼ ለይቻለሁ

ማኖሃር ኢንጎሌ የገዛ ቃሉን ከማያውቀው ሰው አፍ የሰማው ሐሙስ ጠዋት፣ የአትክልት ጋሪ አጠገብ ቆሞ ግማሽ ኪሎ ቲማቲም ሲያስመዝን ነው። ነጋዴው ከጋሪው በላይ ያንጠለጠላት አምፖል ፀሐይ ከወጣች በኋላም እንደበራች ነበረች። ከኋላው በአንድ ሞተር ሳይክል የተፈናጠጡ ሁለት የኮሌጅ ልጆች ቆመዋል። አንደኛው አምፖሏን አየና ድምፁን እንደ ሴት አቅጥኖ፣ «ኧረ መብራቱን አጥፋው፣ ቆጣሪው አጎትህ አይደለም!» አለ። ጓደኛው በሳቅ ከሞተሩ ሊወድቅ ደረሰ። ነጋዴውም እየሳቀ አምፖሏን አጠፋት። ማኖሃር እንዳልሳቀ ሲያይ፣ በአገሩ ልማድ አጎት ብሎ ሊያከብረው፣ «ካካ፣ አልሰሙትም እንዴ? ቤትዎ ውስጥ ልጅ የለም መሰለኝ። ናግፑር ሙሉ ይህንኑ ነው የሚለው» አለው። ማኖሃር ሃምሳ ሩፒ ሰጥቶ መልሱን ሳይቀበል ሄደ።

ቃሉ የእሱ ነው። ሃያ ዘጠኝ ዓመት ቤት ለቤት እየዞረ የመብራት ቆጣሪ ያነበበ ሰው ነው፤ ከሥራ ሲመለስ ሰው የሌለበት ክፍል በርቶ ካገኘ ሁልጊዜ የሚላት ነገር ነች። አንድያ ልጁ ማዩሪ ገና በአራት ዓመቷ ወገቧን ይዛ እሱን እያስመሰለች ትለው ነበር። አሁን ሃያ ሦስት ዓመቷ ነው። ቀለበት ካሰረላት፣ ከሁለት ወር በኋላ ሊያገባት ከነበረው ልጅ ጋር አንድ ክፍል ውስጥ ልብሳቸውን አውልቀው ሳሉ ይህንኑ ቃል እየሳቀች አለችው፤ ልጁ ስልኩን ደግኖ ነበር። ቪዲዮው አንድ ደቂቃ አይሞላም ይላሉ። ከልጁ ስልክ እንዴት እንደወጣ የሚያውቅ የለም። እሱ ስልኬን ለጥገና ሰጥቼ ነበር ይላል፤ እናቱ ደግሞ ልጅቷ ራሷ ናት የላከችው ብላ ቀለበቱን አስመለሰች። ከዚያ አንዱ ሥራ ፈት ድምፁን ከምስሉ ለይቶ ከበሮ ጨመረበት። በዚያ ከበሮ ሙሽሮች ጨፈሩ፣ ዘበኞች ከነዱላቸው ጨፈሩ፣ አንድ ጣፋጭ ቤት «ቶሎ ግዙ፣ ቆጣሪው አጎታችሁ አይደለም» ብሎ በሩ ላይ ለጠፈ። ዘፈኑን የወደደ ሰው ከየት መጣ ብሎ ይጠይቃል፤ ከጠየቀ ደግሞ ምስሉን የሚልክለት አያጣም። ማኖሃርን ግራ የሚያጋባው ከሚስቁት አብዛኞቹ ክፉ ሰዎች አለመሆናቸው ነው። ነጋዴው ለምሳሌ ሁለት ቲማቲም መርቆለት ነበር።

ቤታቸው ሦስተኛ ፎቅ ላይ ያለ ሁለት ክፍል ነው። ሚስቱ ሱናንዳ ለቁርስ ሩዙን በሽንኩርትና በእርድ እየጠበሰች ነበር። «ቲማቲሙ ስንት ሆነ?» አለችው። «ሃያ።» «ትናንት አሥራ አምስት ነበር።» «ዝናቡ ነው ይላሉ።» አሥር ቀን ሙሉ ባልና ሚስቱ የተነጋገሩት ስለ ቲማቲም፣ ስለ ጋዝ ሲሊንደርና ውኃ ስለሚመጣበት ሰዓት ብቻ ነው። ማዩሪ የምትሠራበት የሒሳብ ቢሮ ለጊዜው እቤትሽ ቆዪ ብሏታል፤ ጊዜው እስከ መቼ እንደሆነ አልነገሯትም። ሱናንዳ የልጇን ሳህን የተዘጋው ውስጠኛ ክፍል በር ላይ ታስቀምጣለች፤ ሲነካካ ትደሰታለች፣ ሳይነካ ሲቀር ራሷ ትበላዋለች። ነገሩ በተሰማ በሁለተኛው ቀን ማዩሪ በሩን ከፍታ ወጥታ ነበር። ፊቷ አብጦ፣ ድምፁ የጠፋ ቴሌቪዥን ፊት ወደተቀመጠው አባቷ ቀርባ፣ «ባባ፣ አንድ ነገር ብቻ ልለምንህ» አለችው። «ሌላው ሁሉ ይየው፣ ምን ላድርግ። አንተ ብቻ አትየው።» ማኖሃር እጁን ራሷ ላይ ጫነና «አላይም። እስክሞት አላይም» አላት። ከዚያ ወዲህ የቤተሰቡን የዋትሳፕ ቡድን አልከፈተም። ስልኩ በጮኸ ቁጥር ገልብጦ ጠረጴዛ ላይ ይደፋዋል። ለልጁ ሊያደርግላት የቀረው ነገር ይህ ብቻ መስሎ ተሰምቶታል፤ ትንሽ ነገር ነው፣ ግን በእጁ ያለ ነገር ነው።

ትናንት ማታ ደግሞ ማዩሪ በበሩ ስንጥቅ፣ ፖሊስ ካላመለከትን ከኢንተርኔት የሚያነሳው የለም፣ አመልክትልኝ ብላዋለች። ስለዚህ ማኖሃር ከመሥሪያ ቤቱ ፈቃድ ጠይቆ፣ የቆጣሪ አንባቢነቱን የብረት ምልክት ከሸሚዝ ኪሱ ላይ ነቅሎ፣ ከረፋዱ አምስት ሰዓት ላይ የኢንተርኔት ወንጀል ክፍል ወረፋ ውስጥ ተቀመጠ። ጎኑ በስልክ ተታለው የጡረታ ገንዘባቸውን ያጡ ሽማግሌ ነበሩ፤ ታሪኩን ከመጀመሪያው ጀምረው ሁለት ጊዜ ነገሩት። ተራው ሲደርስ መዝጋቢው ፖሊስ ሥራውን ጠየቀው። «የመብራት ቆጣሪ አንባቢ» አለ። መዝጋቢው ቀና ብሎ አየው፤ ከንፈሩን ነክሶ ወደ ወረቀቱ ጎነበሰ፤ ትከሻው ግን ተንቀጠቀጠ።

መርማሪዋ ወይዘሮ ዋንኬዴ አርባ ዓመት የሞላት፣ ጠረጴዛዋ ላይ ያልተነካ ምሳ ያለባት ሴት ነች። ማመልከቻውን አንብባ ስትጨርስ «ቪዲዮውስ?» አለችው።

«እኔ ጋ የለም።»

«ታዲያ ምን ላስነሳልዎት ነው የመጡት?»

«በየስልኩ ሞልቶ የለም እንዴ? እዚህ ቢሮ እንኳ...» አለና መዝጋቢውን ላለማየት ወደ ጠረጴዛው አቀረቀረ።

«ካካ፣ እኔ ፈልጌ ያገኘሁት ማስረጃ አይሆንም። አመልካች ነው የሚያቀርበው።» ጣቶቿን እያጠፈች ቆጠረችለት። ቪዲዮው በፍላሽ፤ ፊቷ የሚታይበት ምስል በቀለም የታተመ፤ አራት አራት ቅጂ፤ ከማን ስልክ እንደተገለበጠ የሚገልጽ፣ የስልኩ ባለቤት የፈረመበት ምስክር ወረቀት። «ይህ ካልተሟላ ዳኛው አውጥቶ ነው የሚጥለው። እኔ ያወጣሁት ሕግ አይደለም። እስከ አሥራ አንድ ሰዓት አለሁ።»

እንዲህ ሆነና ማኖሃር አሥር ቀን የሸሸውን ነገር ፍለጋ አውቶቡስ ተሳፈረ። መጀመሪያ የመጣለት የሚስቱ ወንድም ፕራሞድ ነው። ወሬውን በስልክ ያረዳው እሱ ነው፤ እዚያው ስልክ ላይም «እኔ እንደደረሰኝ አጥፍቼዋለሁ፣ በልጆቼ እምላለሁ» ብሎታል። ፕራሞድ የቧንቧና የመታጠቢያ ዕቃ ሱቅ አለው። ማኖሃር ሲገባ በነጫጭ ሽንት ቤቶችና በተደረደሩ ገንዳዎች መካከል ተቀምጦ ከደንበኛ ጋር በዋጋ ይከራከር ነበር። ደንበኛው እስኪወጣ ጠበቀው፤ ሻይም አስመጣለት፤ ስለ ሱናንዳ ጉልበት ጠየቀው። ማኖሃር ሻዩን ሳይነካ «ቪዲዮው ያስፈልገኛል» አለ። ፕራሞድ ጨርቅ አንስቶ ንጹሕ የሆነ ቧንቧ መወልወል ጀመረ።

«አጥፍቼዋለሁ አላልኩህም እንዴ፣ የእህቴ ባል?»

«ለፖሊስ ነው።»

«ለፖሊስ?» ቧንቧውን ወለወለ። «ቆይ እስቲ... አንዳንዴ ስልኩ ራሱ ያስቀምጣል። እኔ ምኑንም አላውቀው።» ስልኩን አወጣ። አልፈለገም፣ አላገላበጠም፤ ሦስት ጊዜ ነካ ነካ አደረገና አገኘው። ማኖሃር የፕራሞድን ንክኪ ሲቆጥር እንደነበር ያወቀው በኋላ ነው። ሥራው ሆኖ ቁጥር አያልፈውም።

«የስልኩ ባለቤት መፈረም አለበት» አለው።

«ማን? እኔ?» የፕራሞድ ፊት ተለዋወጠ። «እኔም እኮ የምድራት ልጅ አለችኝ! ስሜ ፖሊስ ቤት፣ በእንደዚህ ያለ ነገር? ሰው ምን ይላል፣ አጎት ሆኖ ምን ሊያደርግለት አስቀመጠው አይልም?» አለና የተናገረውን ራሱ ሰምቶት ጨርቁን አስቀመጠ። ውጭ አንድ ጋሪ ጥሩምባውን እየነፋ አለፈ። «አንተ ጋ ልላከው። ካንተ ስልክ ተገለበጠ ትላለህ። አባት ነህ፣ ማን ይጠይቅሃል?»

ማኖሃር ቆይ አላለውም። ለማለት አፉን ሲከፍት ኪሱ ውስጥ ያለው ስልክ ጮኸ፤ ቪዲዮው ገብቷል። ከሱቁ ወጥቶ የእግረኛ መንገዱ ጠርዝ ላይ ቆሞ ሌሎች ሁለት ሰዎች ጋ ደወለ፤ አብሮት ቆጣሪ የሚያነበው ባልደረባው ጋ እና የሚኖሩበት ሕንፃ ፀሐፊ ጋ። ሁለቱም አጥፍተነዋል ብለው ነበር። ለፖሊስ ነው ሲላቸው ሁለቱም ጋ ተገኘ፤ ፈርሙ ሲላቸው ግን ባልደረባው አለቃዬ እየጠራኝ ነው አለ፣ ፀሐፊው ደግሞ ስልኩ የልጄ ነው ብሎ ዘጋው። ማኖሃር አልተቆጣም። ለመቆጣት አንድ ሰው ይበቃል፤ ሁሉም ሲሆን ሰው ቁጣውን የት እንደሚያሳርፈው ይጠፋዋል።

ከፍርድ ቤቱ ማዶ ካሉት የፎቶ ኮፒ ሱቆች ሰው የሚጠቁመው ኢንዱ ወደምትባል ሴት ነው፤ ምስክር ወረቀቱን በትክክል የምትጽፈው እሷ ብቻ ናት ይላሉ። ሱቋ በሩን ጨምሮ ሁለት እርምጃ ቢሆን ነው። የመሬት ካርታ፣ የፍቺ ወረቀት፣ የትምህርት ማስረጃ የያዙ ሰዎች እስከ መንገዱ ተሰልፈዋል። ማኖሃር ተራው ሲደርስ ድምፁን ዝቅ አድርጎ ነገራት። አልደነገጠችም። «በሳምንት ሦስት አራቱ ይመጡብኛል» አለችው። «እርስዎ ወጥተው ሻይ ይጠጡ።» ስልኩን ትቶ መውጣት ፈራ። «እንግዲያው ወደ ቀን መቁጠሪያው ይዙሩ» አለችው። ዞረ። ግድግዳው ላይ የአንድ የሲሚንቶ ፋብሪካ ቀን መቁጠሪያ ነበር፤ ያለፈው ዓመት ነው። ከኋላው የኮምፒውተሩ አይጥ የምትባለዋ መጠቆሚያ ቀጭ ቀጭ ስትል ይሰማዋል። ኢንዱ ድምፁን መዝጋት ረስታ ኖሮ ድንገት የማዩሪ ሳቅ ሱቁን ሞላው። ያ ሳቅ መጀመሪያ ላይ ትን እንደማለት የሚያደርጋት፣ ከሕፃንነቷ ጀምሮ የሚያውቀው ሳቅ ነው፤ ተከትሎም ቃሉ መጣ። ግማሹ ላይ ተቆረጠ። ከሰልፉ አንድ ሰው ቀሪውን ግማሽ ጮክ ብሎ ሞላውና ሰልፉ በሙሉ ሳቀ።

«አንተ! ሰልፍህን ጠብቅ፣ ዋ! ካርታህን ሳላትምልህ ብትሄድ ደስ ይለኛል» ብላ ጮኸች ኢንዱ። ሰውየው ምን እንዳጠፋ አልገባውም። «ምን አልኩ? ሰው ሁሉ የሚለውን ነው ያልኩት» እያለ ወደ ጎን ላሉት ያመለክት ነበር።

ወረቀቶቹን በፖስታ አድርጋ፣ ፊታቸውን ወደ ታች ደፍታ ሰጠችው፤ ገና ይሞቃሉ። «ፊቷ ብቻ ነው የሚታየው፣ ሌላውን ሸፍኜ ነው ያተምኩት» አለችው። ምስክር ወረቀቱን አንብባለት አስፈረመችው፤ ቪዲዮው የተገለበጠው ከማኖሃር ኢንጎሌ የግል ስልክ ነው ይላል። ለፍላሹ ሦስት መቶ ሃምሳ፣ ለሕትመቱ በገጽ አሥር ሩፒ ጠየቀችው። አልቀነሰችለትም፤ እሱም በዚህ ነገር ሰው እንዲያዝንለት አልፈለገም። «ከኔ ኮምፒውተር አጥፍቼዋለሁ፤ ይምጡ ይዩ፣ የጠፋው የሚጠራቀምበትን ቅርጫት ሳይቀር አጽድቻለሁ» ስትለው አንገቱን ነቀነቀ። እውነቷን ሳይሆን አይቀርም። ግን ይህን ቃል ዛሬ ከብዙ ሰው ስለሰማው ምንም አልተሰማውም።

አሥር ተኩል ላይ ወይዘሮ ዋንኬዴ ፍላሹን ሰክታ ድምፁን ዘግታ ከፈተችው። ማኖሃር ከበሩ በላይ ያለውን ቆጣሪ አየ፤ አሮጌ፣ ዲስኩ የሚሽከረከር ዓይነት ነው፤ አርባ ስምንት ሺህ ሁለት መቶ አሥራ ሦስት ብሎ አነበበ። ተሽከርክሮ ወደ አሥራ አራት ሲያልፍም አየ።

«ልጅዎ ናት?»

«አዎ።»

«አይተውታል?»

«አላየሁትም።»

«ሳያዩ በምን አወቁ?»

«ቃሉ የኔ ነው» አለ ማኖሃር። «እቤት የምለው እኔ ነኝ። ከኔ ነው የሰማችው።»

መዝጋቢው መጻፉን አቆመ። በዚህ ጊዜ አልሳቀም። ወይዘሮ ዋንኬዴ ብዕሯን አስቀመጠች። «ካካ፣ እኔ ልረዳዎት ነው የምፈልገው» አለችው ድምጿን አለስልሳ። «ግን ይህን መዝገብ ላይ እንዴት አድርጌ ነው የምጽፈው? ስልኩ የእርስዎ ነው። ምስክር ወረቀቱ በእርስዎ ስም ነው። በስልኬ ያለውን አላየሁም ካሉ የተከሳሽ ጠበቃ በመጀመሪያው ቀን ይበላናል። አይቼ ለይቻለሁ ነው የሚባለው። ሁሉም እንደዚያ ነው የሚለው፤ የአጻጻፍ ደንብ ነው።»

«ከስልኬ እኮ አልከፈትኩትም።»

«አምናለሁ። እኔ አምናለሁ።»

የጣሪያው ማራገቢያ ወረቀቶቹን ጫፍ ጫፋቸውን ያነሳሳል። ማኖሃር እምቢ ብሎ ቢሄድ ምን እንደሚሆን አሰበ፤ ነገ አንድ ሺህ ሰው ያየዋል፣ ከነገ ወዲያ ሌላ ሺህ። «ይጻፉት» አለ። አራቱም ቅጂ ላይ ፈረመ። ማዩሪ ለአካለ መጠን የደረሰች ስለሆነች የእሷም ፊርማ ያስፈልግ ነበር። ወይዘሮ ዋንኬዴ ሰዓቷን አየች፣ እሱን አየች፣ ከዚያ ወረቀቶቹን መልሳ ፖስታው ውስጥ ከተተች። «እንዲህ ማድረግ አልነበረብኝም። ልጅቷን እዚህ ሰው መሐል እንዳላንገላታት ብዬ ነው። ወስደው እቤት ያስፈርሟት፤ ጠዋት ጠረጴዛዬ ላይ ካገኘሁት ለኢንተርኔት ኩባንያዎቹ ደብዳቤው ነገውኑ ይወጣል።» ማኖሃር እጁን አጋጥሞ አመሰገናት። ከልቡ ነው ያመሰገናት።

ቤት ሲደርስ ገና አልጨለመም። ሱናንዳ ፖስታውን አየች፣ እሱን አየች፣ «ሆነ?» አለች። «ሆነ። ፊርማዋ ብቻ ነው የቀረው» አላት። አሥር ቀን ያላየውን ነገር ሚስቱ ፊት ላይ አየ፤ እየሮጠች ሄዳ በሩን አንኳኳች። ማዩሪ ወጣች። ፀጉሯን ታጥባ ነበር፤ ገና ውኃ ያንጠባጥባል፤ ነጠላ ሻርፗ ትከሻዋ ላይ ነው። ማኖሃር የመጀመሪያውን ገጽ ወደ ኋላ አጥፎ፣ መፈረሚያውን ብቻ አውጥቶ፣ ብዕሩን ክፍቱን አቀበላት። «እዚህ ጋ፣ ከስምሽ ሥር» አላት። እሷ ግን በሒሳብ ቢሮ ለሁለት ዓመት የሰው ወረቀት ስታነብ የኖረች ልጅ ናት። የታጠፈውን ዘረጋችና ከላይ ጀመረች። ከንፈሯ ሳይንቀሳቀስ ታነባለች። ሁለተኛው አንቀጽ ላይ ዓይኗ ቆመ።

«ካንተ ስልክ ነው ይላል።»

«ፕራሞድ አልፈርምም አለ። ሁሉም አልፈርምም አሉ። ለዚያ ነው።»

«‹ቪዲዮውን አይቼ፣ ልጄ ማዩሪ መሆኗን ለይቻለሁ›።» በቀስታ፣ የሌላ ሰው ወረቀት እንደሚነበብ አድርጋ አነበበችው። «ይህ እውነት ነው?»

«አይደለም። አላየሁትም። የአጻጻፍ ደንብ ነው አለች ሴትየዋ።»

«ከላይ የተጻፈው ሁሉ እውነት መሆኑን አረጋግጣለሁ ብዬ ነው እኮ የምፈርመው።»

«ማዩሪ... ካልፈረምሽ አያነሱትም።»

«ስልክህ ላይ ነው ያለው አሁን?»

አዎ አለ ማኖሃር፤ ለማስረጃ እንዳያጠፋው ታዟል። አልከፈትኩትም ብሎ ሊምልላት ፈለገና ዛሬ በየሱቁ የሰማው መሐላ ሁሉ ጆሮው ላይ መጣበት፤ አፉ ውስጥ ያለውም ቃል ከእነሱ ምንም የተለየ እንዳልሆነ ታወቀው። ሱናንዳ ጉልበቷን ይዛ መሬት ላይ ቁጭ አለች። ማዩሪ ሁለተኛውን አንቀጽ ደግማ አነበበች። ከዚያ ጠረጴዛው ላይ ጎንበስ ብላ፣ አራቱም ቅጂ ላይ፣ በዚያ ባማረ የቢሮ ጽሑፏ ፈረመች። ገጾቹን አስተካክላ ፖስታው ውስጥ ከተተች። ፖስታውን በሁለት እጇ ልትሰጠው ስትል ቆም አለችና፣ ከትከሻዋ ላይ ሻርፗን ስባ እርጥብ ፀጉሯን፣ ግንባሯን፣ እስከ ቅንድቧ ሸፈነች፤ በእነሱ አገር ያገባች ሴት በባሏ አባት ፊት ስትቆም እንደምትሸፍነው። በወለዳት አባቷ ፊት እንዲህ የምትሸፈን ልጅ የለችም። ማኖሃር ፖስታውን ተቀበላት፤ እሷም ዓይኗን ከወለሉ ሳታነሳ፣ ጀርባዋን ሳትሰጠው፣ ወደ ኋላ እየተራመደች ገባች።